የአረፋ ዕለት ተረኛ

«ሚያዝያ ዘጠኝ፣ ዶክተር ሳቢት ፈርሟል» አለ የኮሌጁ ጠበቃ፣ ጣቱን በመዝገቡ ላይ ቁልቁል እየነዳ። «ሚያዝያ አስራ አራት፣ ዶክተር ሳቢት ፈርሟል። ሚያዝያ አስራ ዘጠኝ፣ ዶክተር ሳቢት ፈርሟል። ልቀጥል ክብርት ዳኛ? በየአምስት ቀኑ እስከ ግንቦት ሃያ ዘጠኝ ድረስ፣ አስራ አንድ ጊዜ ነው የፈረመው።»

«ተረኛ ከነበረ ቢፈርም ምን ይደንቃል?» አሉ ዳኛዋ።

«የሚደንቀውማ፣ ዶክተር ሳቢት ሚያዝያ ሦስት ቀን ሚኤሶ ተቀብሯል።»

ችሎቱ ውስጥ ሳቅ የመጣበት ሰው ነበር፤ ግን እዚያው ዋጠው። ጉድ እኮ ነው! ሃያ ሰባት ኢንተርን ሐኪሞች የስምንት ወር የዲዩቲ፣ የተረኝነት ክፍያችንን ከለከለን ብለው ኮሌጁን ከሰሱ። ሃያ ስድስቱ ይኸው ጭሮ ፍርድ ቤት አግዳሚ ላይ ተደርድረዋል። ሃያ ሰባተኛው ደግሞ ከመቃብሩ እየተነሳ ሥራ ሲገባ ከርሟል ተባለ። ክርክሩ በኦሮምኛ ነበርና በሩ ላይ የቆመው ጥበቃ ሳይቀር ሰምቶ «አዑዙ ቢላሂ» አለ።

ሉባባ ሁለተኛው አግዳሚ ላይ ተቀምጣለች። የበደሳ ቡና ነጋዴ ልጅ ናት፤ ሥልጠናዋን ጨርሳ ሙሉ ሐኪም ልትባል ሁለት ወር ቀርቷታል። በሕፃናት ክፍል ከሳቢት ጋር በአንድ ቀን ተረኛ የነበረችው እሷ ናት። ጠበቃው «ሳቢት» ባለ ቁጥር ቀኝ እጇ ጭኗ ላይ ይንቀሳቀስ ነበር። ሦስተኛው ላይ አየችውና በግራ እጇ ጥፍር አድርጋ ያዘችው።

ከኋላዋ አንዲት ሴት ብድግ አሉ። አዮ ዙለይኻ ናቸው፣ የሳቢት እናት። ልጃቸው ከመሞቱ በፊት የሠራበትን በወራሽነት እንዲጠይቁ ስማቸው ከከሳሾቹ ጋር ገብቷል፤ ለዚህ ነው ዛሬ ከሚኤሶ በመጀመሪያው ሚኒባስ የመጡት። ለመናገር ፈቃድ ይጠየቃል የሚል ነገር ማን ይንገራቸው፣ ዝም ብለው ተናገሩ።

«እና ልጄ መጥቶ ነበር ማለት ነው?»

የኮሌጁ ጠበቃ የመዝገቡን ገጽ ገለበጠ። አዮ ዙለይኻ ጥያቄያቸውን አልደገሙትም፤ መልሱን ለመስማት ጊዜ እንዳለው ሰው እጃቸውን አጣጥፈው ቆሙ።

«እናቴ፣ ይቀመጡ» አሉ ዳኛዋ ድምፃቸውን ለስለስ አድርገው። ከዚያ ወደ ከሳሾቹ ጠበቃ ዞሩ። «ይህን ፊርማ ማን እንደፈረመው ከሰዓት ስምንት ሰዓት ላይ ታስረዳላችሁ። ካልሆነ መዝገቡን በማስረጃነት አልቀበለውም።»

የከሳሾቹ ጠበቃ አቶ ዋለልኝ ጡረታ የወጡ ዳኛ ናቸው። ጭሮን ዛሬም በድሮ ስሟ አሰበ ተፈሪ ነው የሚሏት፤ ሲናደዱ መነጽራቸውን ያወልቃሉ። ግቢው ውስጥ ገና ሳይደርሱ አወለቁት።

«የቆጡን አወርድ ብላ የብብቷን ጣለች የሚባለው እናንተን ነው!» አሉ። «በሞተ ሰው ስም ገንዘብ ልትበሉ ነው? የማነው ይሄ ብልጠት?»

«ወላሂ አቶ ዋለልኝ፣ ማንም አልፈረመም» አለ በክሪ። የኢንተርኖቹ ተወካይ ነው፤ አፈ ጮሌ ልጅ፣ ዛሬ ግን ምላሱ ተሳስሯል። «አሁን አንድ በአንድ ጠየቅኳቸው። ሁሉም ማሉልኝ።»

«እሱ ነዋ ታዲያ የፈረመው?»

«እሱንማ እንዴት እላለሁ?»

አቶ ዋለልኝ ተነፈሱ። «ስሙኝ። ክፍያችሁን ስትጠይቁ ኮሌጁ ተማሪ ናችሁ ይላችኋል። ዶክመንታችሁን ስትጠይቁ ደግሞ የሥልጠና ክፍያ ካላመጣችሁ ይላችኋል። መሥራታችሁን የሚመሰክርላችሁ ይሄ አንድ መዝገብ ነው። እሱ ከወደቀ የስምንት ወር ልፋታችሁ ወደቀ ማለት ነው። የእሳቸውም አብሮ ወደቀ» ብለው በአገጫቸው አመለከቱ። አዮ ዙለይኻ ከግቢው ጽድ ሥር ቁጭ ብለዋል፤ ሰው የሚጠብቁ ይመስል ፊታቸው ወደ በሩ ነው።

«ፈራሚው ቢገኝስ?» አለች ሉባባ።

«ቀርቦ ካመነማ እነዚያ መስመሮች ይሰረዛሉ፣ ሌላው መዝገብ ይቆማል። ፈራሚው ግን …» አቶ ዋለልኝ መነጽራቸውን በከረባታቸው ጫፍ ጠረጉ። «ሐሰተኛ ሰነድ ነው ልጄ። የሐኪምነት ፈቃዱን በእጁ ሳይዘው ሊነጠቅ ይችላል።»

ሉባባ የመዝገቡን ፎቶኮፒ ተቀበለቻቸውና ግድግዳውን ተደግፋ አየችው። ያ የሳቢት ፊርማ ነው፤ ከላይ ወደ ታች የሚወርድ ጭረት፣ ሁለት ዙር፣ ከዚያ እስከ መስመሩ መጨረሻ የሚሮጥ ጅራት። ከአራተኛ ዓመት ጀምሮ ታውቀዋለች። ክፍል ውስጥ ስም ሲጠራ ቀድሞ የደረሰ ለሌላው ይፈርም ነበር፤ ዲዩቲ ሲጀምሩም ልማዱ አብሯቸው ገባ። ባጃጅ ያጣ፣ ወይ ምሳው የዘገየበት፣ «ፈርሚልኝ» ብሎ ይደውላል፤ ያኛዋ ትፈርማለች፤ እሱም በሩብ ሰዓት ውስጥ እየሮጠ ይደርሳል። ከተማው ውስጥ ያሉት ኢንተርኖች በሙሉ የሚያደርጉት ነው፤ ማንም ነውር ብሎት አያውቅም።

ከቦርሳዋ እስክሪብቶ አወጣች። ፎቶኮፒውን ገልብጣ ጀርባው ላይ ሞከረችው። እጇ አላመነታም። ጭረቱ ወረደ፣ ዙሮቹ ዞሩ፣ ጅራቱ ሮጠ። ገልብጣ ስታስተያየው ቁርጥ እሱ ነው።

ያ ረቢ! አንዱንም ልታስታውሰው አልቻለችም። አስራ አንድ ቀን የሞተ ሰው ስም ጽፋ፣ አንዱ እንኳ ትዝ አይላትም። ሳቢት ከሞተ በኋላ በሱ ቦታ ሰው አልተተካም፤ ሠላሳ ሰዓት ብቻዋን ትቆም ነበር፤ ከዚያ ወራት የሚታወሳት የግድግዳው ቀለም ብቻ ነው። ቤቱ ሌባ ገባብኝ ብሎ ጎረቤት ጠርቶ ሲፈልግ ሌባው ራሱ ሆኖ ያገኘው ሰው እንዴት ይደነግጣል? እንደዚያ ደነገጠች። ለማንም ሳትናገር ባጃጅ አስቆመች።

ቀትር ላይ ጭሮ ሌላ ከተማ ትሆናለች። የጫት ገበያው ተበትኖ፣ የጭነት አይሱዙዎቹ ጡሩምባቸውን ይዘው ሄደው፣ ሰው ሁሉ ምሳውን ቀምሶ ለጫት እየተቀመጠ ነው። ከተራራው የወረደው ጉም ዛሬ እስከ ቀትርም አልተነሳም፤ አስፋልቱ መሃል ላይ ፍየል ቆማ ባጃጁን አላሳልፍ አለች። ሾፌሩ ጉንጩን እንደሞላ «ዶክተር፣ ዛሬ እኮ ቀኑ ራሱ መርቅኗል» አላት። ሌላ ቀን ቢሆን ትስቅለት ነበር።

በሕፃናት ክፍል ነርሶች ጠረጴዛ ላይ ሲስተር አብርሆት ነበረች። አስራ ስምንት ዓመት በዚህ ክፍል የሠራች፣ ከሐኪሙ በፊት በሽታውን የምታውቅ ሴት ናት። ከጀርባዋ ሚስማሩ ላይ አንድ ነጭ ጋውን ተሰቅሏል። ደረቱ ላይ በሰማያዊ ክር «ዶ/ር ሳቢት» ተብሎ ተጠልፏል፤ የጠለፉት አዮ ዙለይኻ ናቸው። ሉባባ ያንን ጋውን በየቀኑ ታየዋለች፤ ለምን ማንም እንደማያወርደው ግን ጠይቃ አታውቅም።

«አብርሆትዬ፣ አንድ ነገር ልጠይቅሽ፣ እንዳትስቂብኝ። ሳቢት ከሞተ በኋላ … እኔ ዲዩቲ ስገባ ምን አደርግ ነበር?»

አብርሆት አልሳቀችም። የያዘችውን መርፌ ሳህኑ ላይ አስቀመጠች። «መቼ ትጠይቂን ይሆን እያልን ስንጠብቅሽ ነበር» አለች።

«ምኑን?»

«ያንን ጋውን ነበር የምትለብሺው። ያንቺው ታጥቦ ተተኩሶ ተቀምጦ፣ እሱን ትለብሻለሽ። አስታማሚዎቹ ስሙን አንብበው ዶክተር ሳቢት ሲሉሽ አቤት ትያቸዋለሽ።»

«እኔ?»

«አንቺ። አንድ ቀን ኧረ ተይ፣ ሉባባ ነኝ በያቸው ብዬ ተቆጣሁሽ። ምን አልሽኝ መሰለሽ? ሳቢት ሻይ ሊጠጣ ወጥቶ ነው፣ አሁን ይመጣል። ከዚያ ወዲህ አፋችንን ያዝን። በእንቅልፍ ልቡ ተነስቶ በእግሩ የሚሄድ ሰው ላይ አይጮህም ይላሉ።»

ሉባባ ወንበሩን ሳብ አድርጋ ተቀመጠች። ቀልሏታል፣ ይህን መካድ አይቻልም። ሙት አልፈረመም። ያበደችም ቢሆን ሰው ነው የፈረመው። የተረኞቹን ሰሌዳ ከግድግዳው ነቅላ ከፎቶኮፒው ጎን አደረገችና አብርሆትን አጠገቧ አስቀምጣ ቀን በቀን ማመሳከር ጀመረች።

ሚያዝያ ዘጠኝ፣ ሉባባ ፈርማለች፣ ከሥሯ ሳቢት። ሚያዝያ አስራ አራት፣ ሉባባ፣ ከሥሯ ሳቢት። እንዲህ እያለ አሥሩም ሄደ፤ መጀመሪያ የራሷን፣ ከዚያ የሱን፣ አንድ እጅ በአንድ እስክሪብቶ። ግንቦት ሃያ ዘጠኝ ላይ ሲደርሱ የሉባባ መስመር ባዶ ነው። ሳቢት ብቻውን ፈርሟል።

«ይሄ ቀን ምንድነው?» አለች ሉባባ።

አብርሆት ሰሌዳውን አየች። «አረፋ ነው። አንቺ ነበርሽ እኮ ተረኛዋ።»

«እኔ በደሳ ነበርኩ።»

አፏ ይህን ሲናገር ሌላው ነገር ሁሉ ተከትሎ መጣባት። የካቲት ላይ የሳቢት እናት ታመሙና ሚኤሶ ሲሮጥ ሙሉውን ዲዩቲ ብቻዋን ሸፈነችለት። ሲመለስ የቀን መቁጠሪያውን አውጥቶ በየአምስት ቀኑ እየቆጠረ አረፋ እነሱ ላይ እንደሚወድቅ አሳያት። «ብድር በምድር፣ ሉባባ! አረፋን እኔ ብቻዬን እይዘዋለሁ። አንቺ በደሳ ሄደሽ ሥጋሽን ብዪ» አላት። እሺ አለችው። ከዚያ ሞተ። አረፋ ሲደርስ ቦርሳዋን ይዛ በዋዜማው ሚኒባስ ተሳፈረች፤ አባቷ ያረዱትን በግ በላች፤ ከእህቶቿ ጋር ሳቀች፤ አንድ ጊዜም እንኳ ክፍሉን ማን ያዘው ብላ አልተጨነቀችም። ሳቢት ይዞታላ!

«አብርሆት፣ እኔ አልነበርኩም» አለች። ድምፏ ሳሳ። «ማን ነበር እዚህ?»

«ዶክተር ነበረ እንጂ። ምን ነካሽ? ያቺ ከመሰላ የመጣችዋ ሕፃን ትንፋሽ ያጠራት ያን ቀን አይደል? ትእዛዝ ተጽፎልኝ ነው መድኃኒቱን የሰጠሁት። በዓል ስለነበር እኔም ሁለት ክፍል ይዤ ወዲያ ወዲህ እል ነበር። ሁለት ጊዜ ከኮሪደሩ አይቼሻለሁ፤ መስኮቱ ጋ፣ ጀርባሽን ሰጥተሽ፣ ጋውኑን ለብሰሽ። ሉባባ ብዬ ብጠራሽ እጅሽን አነሳሽልኝ …» አቆመች። «አነሳልኝ። እኔ እንጃ። እጁን ነው ያየሁት።»

«አዲስስ፣ የማዋለጃው ተረኛ?»

«አዲስ ማዋለጃ ክፍል ሦስት ምጥ ይዞ ንቅንቅ አላለም። በክሪም ሌሎቹም ለበዓሉ ቤታቸው ገብተው ነበር። አንቺ ነሽ ብዬ እኮ ነው ዝም ያልኩት!»

አብርሆት ተነስታ ከካርድ ክፍል የሕፃኗን ካርድ አምጥታ ከፈተችው። ሉባባ አነበበች። ኦክስጅን፣ የመድኃኒቱ መጠን በኪሎዋ ልክ፣ «በየግማሽ ሰዓቱ ይታይ» የሚል ማሳሰቢያ፤ አንድም የሚታረም ነገር የለበትም። ከሥሩ ያው ፊርማ፣ ጭረቱ፣ ዙሮቹ፣ ጅራቱ። ከጅራቱ ሥር ደግሞ ሁለት ነጥቦች።

ነጥቦቹ ላይ ጣቷን አሳረፈች። ሳቢት ሲፈርም ከጅራቱ ሥር ሁለት ነጥብ ያደርግ ነበር፤ እሷ ስትፈርምለት ሁሌ ትረሳቸዋለች፤ እሱም ይቀልድባት ነበር፣ «ነጥቦቼን በላሻቸው» እያለ። ወደ ፎቶኮፒው ተመለሰች። አሥሩ ላይ ነጥብ የለም። አስራ አንደኛው ላይ ሁለቱም ቁጭ ብለዋል።

«ሕፃኗስ?» አለች።

«ዳነች። በሦስተኛው ቀን እናቷ አዝላት ሄደች።» አብርሆት ካርዱን ዘጋችው። «አንዱ ተደብቆ ሸፍኖልሽ ይሆናል» አለች ቆይታ። «ፈርቶ ነው የማይናገረው። ሰው ነው መቼስ።» ይህን ስትል ግን ጋውኑን በጎን አየችው፤ ሉባባም አየችው። ጋውኑ ምንም አላደረገም፤ ሚስማሩ ላይ ተሰቅሏል።

ሉባባ ስትመለስ ስምንት ሰዓት ሊሆን ሃያ ደቂቃ ቀርቶት ነበር። አቶ ዋለልኝን ከመዝገብ ቤቱ ጥግ ይዛ ሁሉንም ነገረቻቸው፤ አሥሩን፣ ጋውኑን፣ አረፋን፣ ነጥቦቹን። ሽማግሌው መነጽራቸውን ማውለቅም ረሱ።

«አላህ ይርዳሽ ልጄ» አሉ በመጨረሻ፤ ክርስቲያን ናቸው፤ የዚህ አገር ሰው ግን እንዲህ ነው። ከዚያ ጠበቃነታቸው ተመለሰ። «እንግዲያው አስራ አንዱም የኔ ናቸው በይ። አለቀ። ስለ ድካምሽ እኔ እናገራለሁ፤ ሐዘን ነው፣ እንቅልፍ ማጣት ነው፤ ዳኛዋም ሰው ናቸው።»

«አስራ አንደኛው የኔ አይደለም።»

«አውቃለሁ፣ ነገርሽኝ። አሥር ካልሽ ግን ያቺን አንዷን ይዘው ይጨፍሩብናል። ደግሞስ የት ነበርሽ ሲሉሽ ምን ልትመልሺ ነው? ተረኛ ሆኜ ሕፃናት ጥዬ በግ ልበላ ሄድኩ? ፊርማውን ይቅር ያለ ይሄን ይቅር አይልም። አስራ አንድ በይና ገላግዪን።»

እውነታቸውን ነው። አንዲት ቁጥር መጨመር ነው፤ ማንን ይጎዳል? ሉባባ እሺ ልትላቸው አፏን ስትከፍት ከጽዱ ሥር አዮ ዙለይኻ በእጃቸው ጠሯት።

«ኢንተላ ኮ፣ ነይ፣ ልጄ ነይ» አሉ፣ አጠገባቸው መሬቱን እየጠረጉ። ከዚያ በኦሮምኛ ቀጠሉ። «ያንን ወረቀት አሳዪኝ። ማንበብ አልችልም፤ የሱን ግን አውቀዋለሁ።»

ሉባባ ፎቶኮፒውን ዘረጋችላቸው። አሮጊቷ ጣታቸውን በየፊርማው ላይ እያሳረፉ ወረዱ፤ ሽሮ ውስጥ ጠጠር እንደምትለቅም ሴት ቀስ ብለው፣ እያንዳንዱን እየነኩ። መጨረሻው ላይ ሲደርሱ ቆሙ።

«ይህቺ መቼ ናት?»

«አረፋ ለት ናት፣ አዮ።»

ፊታቸው ላይ የሆነ ነገር በራ። ሉባባ የዚያን ጊዜ ከተቀመጠችበት ተነስታ ብትሮጥ በወደደች።

«አረፋ ለት በግ አሳርጄ የሱን ድርሻ አስቀመጥኩለት» አሉ። «አብደሻል አሉኝ። ሞቷል እኮ አሉኝ። አውቃለሁ፣ እኔ አይደለሁም እንዴ የቀበርኩት? ግን ልቤ እሺ አላለም፤ ደጅ ደጁን ሳይ ዋልኩ። ሲመሽ ጎረቤቶቼ ምነው ቀረ ታዲያ ብለው ሳቁብኝ። ዲዩቲ ይዞት ነው አልኳቸው።»

ሉባባ ላለማልቀስ የጽዱን ቅርፊት በጥፍሯ ትልጥ ጀመር። አዮ ዙለይኻ ወረቀቱን አጣጥፈው መለሱላት።

«አንቺ ልጅ፣ ከመጨረሻዋ በላይ ያሉት የማን እንደሆኑ አልጠይቅሽም» አሉ። «እሱን ዳኞቹ ይጠይቁሽ።»

የችሎቱ አስተናጋጅ በሩ ላይ ወጥቶ የመዝገቡን ቁጥር ጠራ። ኢንተርኖቹ ሲጋራቸውን እያጠፉ፣ ስልካቸውን እየዘጉ ገቡ። በክሪ ክንዷን ይዞ «ሉባባ፣ አቶ ዋለልኝ ነገሩኝ» አላት በሹክሹክታ። «እኛ ለገንዘብ ብለን የሐኪምነት ፈቃድሽን አሳጪ አንልሽም። ካልፈለግሽ ዝም በይ። ይውደቅ።» ልጁ የቤት ኪራይ የአራት ወር አለበት፤ ከልቡ ነው ግን ያላት።

ዳኛዋ ተቀመጡ። «ፈራሚው ታውቋል?»

ሉባባ ተነሳች። ከአግዳሚው እስከ መናገሪያው አምስት እርምጃ ነው፤ ረጅም ሆነባት። ማለች፤ ስሟን ተናገረች። የኮሌጁ ጠበቃ ወንበሩ ላይ ተመቻችቶ እግሩን አነባበረ።

«አንቺ ነሽ የፈረምሽው?» አሉ ዳኛዋ።

«አዎ ክብርት ዳኛ። እኔ ነኝ። ገንዘቡን ብዬ አይደለም፤ መፈረሜንም ዛሬ ነው ያወቅኩት። በሕይወት እያለ እፈርምለት ነበር፤ ሲሞት እጄ አላቆመም።»

«አስራ አንዱንም?»

አቶ ዋለልኝ በመነጽራቸው ላይ አሻግረው አዩዋት። ከንፈራቸው አስራ አንድ ሲል አየችው። የአባቷ ፊት መጣባት፣ ቡና ሸጠው ያስተማሯት፣ ደጃቸው የዶክተሯ ቤት እየተባለ የሚጠራላቸው። ከኋላዋ ደግሞ የአዮ ዙለይኻ የመቁጠሪያ ኮሽታ ይሰማት ነበር፤ አሁን እሱም ቆመ።

«አሥሩን» አለች ሉባባ።

«መዝገቡ ላይ ግን አስራ አንድ ነው ያለው።»

«ግንቦት ሃያ ዘጠኝ ተረኛዋ እኔ ነበርኩ። ትቼ በደሳ ሄጄ ነበር፤ ይህንንም ይጻፉልኝ። ያን ቀን ክፍሉን የያዘ፣ አንዲት ሕፃንም ያዳነ ሰው አለ፤ ካርዷ እዚያው ሆስፒታሉ ውስጥ ነው፣ ይቅረብ። አሥሩን ይሰርዙልኝ ክብርት ዳኛ። ያቺን አንዷን ግን እንዳይሰርዟት። ሰው የሠራበት ቀን ናት።»

«የሠራው ማን ነው?»

«እኔ ያየሁት የለም» አለች። «መዝገቡ ላይ ያለውን ስም ብቻ ነው የማውቀው።»

የኮሌጁ ጠበቃ ብድግ ብሎ «ተቃውሞ አለኝ» ማለት ጀመረ። አቶ ዋለልኝ ዓይናቸውን ጨፈኑ። ዳኛዋ መዝገቡን ወደ ራሳቸው ስበው ያቺን መስመር ለረጅም ጊዜ አዩዋት፤ ከዚያ እስክሪብቷቸውን አንስተው ከላይ ጀምረው አንድ፣ ሁለት፣ ሦስት እያሉ አጠገባቸው ምልክት ያደርጉ ጀመር። አሥር ላይ ሲደርሱ እጃቸው ቆመ።

ከኋላ አግዳሚ ላይ አዮ ዙለይኻ አጠገባቸው ወደተቀመጠው ወደ በክሪ ጎንበስ አሉ።

«ብያቸው ነበር» አሉት ቀስ ብለው። «ዲዩቲ ይዞት ነው።»